መርማሪ ይቀየርልን ከማለታችሁ በፊት

ውድ ወጣት ጠበቆች፤

ባለፈው ሳምንት ከመካከላችሁ አንዱ ረቂቅ አቤቱታ ይዞ ቢሮዬ መጥቶ ነበር። የደንበኛው ወንድም ተገድሏል፤ ቤተሰቡ ጉዳዩን የያዘውን ፖሊስ አያምንም፤ ስለዚህ ፍርድ ቤቱ ምርመራውን ለሌላ ተቋም እንዲያስተላልፍ ይጠይቃል። አቤቱታው አምስት ገጽ ነው፤ ቁጣውም እውነተኛ ነው። ነገር ግን ቃሉን ያልሰጠ አንድ ምስክር፣ ያልተያዘ አንድ ኤግዚቢት አልተጠቀሰበትም።

እኔም በዕድሜያችሁ ሳለሁ እንዲሁ አድርጌያለሁ። ፖሊስ ለምርመራ ተጨማሪ ቀን በሚጠይቅበት የጊዜ ቀጠሮ ችሎት አንድ ተጠርጣሪ ሸሚዙን ገልጦ በጀርባው ላይ ያለውን ሰምበር አሳየኝ። ደሜ ፈላ። ምርመራው ከዚያ ጣቢያ ወጥቶ በሌላ አካል እንዲካሄድ አመለከትኩ። ዳኛው ፖሊስ መልስ እንዲሰጥበት አዘዙና ሕጉ ለአንድ ጊዜ የሚፈቅደውን 14 ቀን ሙሉውን ቀጠሩ። ስንመለስ ሰምበሩ ደብዝዞ ነበር። ያን ዕለት መጠየቅ የነበረብኝ ሐኪም ዛሬውኑ አይቶት ውጤቱ ከመዝገቡ ጋር እንዲያያዝ ነበር። አልጠየቅኩም። ያ ሰው የከፈለውን ዋጋ ሳስብ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጋችን ፍርድ ቤት ምርመራን ከአንድ ተቋም ወስዶ ለሌላ እንዲሰጥ በግልጽ የሚፈቅድ አንቀጽ አልያዘም። የያዘው ሌላ በር ነው። በአንቀጽ 38 ዐቃቤ ሕግ ተጨማሪ ምርመራ እንዲደረግ ማዘዝ ይችላል። በአንቀጽ 59 ደግሞ ፖሊስ ተጨማሪ ቀን ሲጠይቅ እስካሁን ምን እንደሠራ ለዳኛው ማስረዳት አለበት፤ እዚያ ላይ ቆማችሁ አንድ በአንድ መጠየቅ ትችላላችሁ። ብዙዎቻችሁ ይህን ችሎት የዋስትና መከራከሪያ ብቻ አድርጋችሁ ታዩታላችሁ። በእኔ እምነት ግን ምርመራ በዳኛ ፊት የሚፈተሽበት ዋናው ቦታ ነው።

በዚህ ጥያቄ ላይ ብዙ የተሟገቱት ህንዶች ናቸውና ውሳኔዎቻቸውን አንብቡ። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። የህንድ ማዕከላዊ የምርመራ ቢሮ በክልል ውስጥ ለመመርመር በመርህ ደረጃ የክልሉን መንግሥት ስምምነት ይሻል። በ2010 አምስት ዳኞች የተሰየሙበት የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ችሎት፣ ክልሉ ባይስማማም እንኳ የበላይ ፍርድ ቤቶች ጉዳዩን ወደ ቢሮው መምራት ይችላሉ ሲል ወሰነ። ይህ ሥልጣን ግን በጥንቃቄና በልዩ ሁኔታ ብቻ እንዲሠራበት አስጠነቀቀ። በ2020 ደግሞ ተጠርጣሪ የነበረ አንድ ታዋቂ ጋዜጠኛ ያቀረበውን የማስተላለፍ ጥያቄ ሳይቀበል ቀረ፤ ተጠርጣሪ መርማሪውን የመምረጥ መብት የለውም አለ። ይህን ቃል ጨክኖ የተነገረ አድርጋችሁ አትዩት። ባለሥልጣንና ባለ ገንዘብ መርማሪውን እየመረጠ ቢሄድ ድሃው ተበዳይ ወዴት ይሄዳል?

በነሐሴ 2024 ኮልካታ ውስጥ አንዲት ወጣት ሐኪም በምትሠራበት ሆስፒታል ተደፍራ ተገደለች። የከተማዋ ፖሊስ በማግሥቱ አንድ ሰው ያዘ፤ ነገሩ መጀመሪያ ከተለመደው ውጭ የሆነ ሞት ተብሎ መመዝገቡ ግን የሕዝቡን እምነት ሰብሮ ነበር። የክልሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በቀናት ውስጥ ምርመራውን ወደ ማዕከላዊው ቢሮ አዛወረ። ቢሮውም በግድያው የከሰሰው ፖሊስ የያዘውን ያንኑ ሰው ነበር፤ በጥር 2025 ጥፋተኛ ተባለ። ወላጆቿ ግን ያልተጣራ ነገር አለ ብለው እንደገና ፍርድ ቤት ሄዱ። መርማሪው ተቀይሮም ጥያቄያቸው አልተመለሰም።

የጉጃራት ክልሉ ጉዳይ ይብሳል። በ2005 አንድ ሰው በፖሊስ ተገደለ፤ ከተከሳሾቹ መካከል ራሳቸው የክልሉ ፖሊሶች ነበሩ። ለማስተላለፍ ከዚህ የበለጠ ምክንያት የለም፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም ክስ ከቀረበ በኋላ እንኳ በ2010 አስተላለፈው። በ2018 ግን የቀሩት 22 ተከሳሾች በሙሉ ነፃ ተባሉ፤ ከ210 ምስክሮች 92ቱ ቃላቸውን አጥፈው ነበር። ከግድያው እስከ ፍርዱ 13 ዓመት ሄዷል። በዚያ ሁሉ ዘመን ምስክሮቹን ማን ጠበቃቸው? ለእኔ የዚህ መዝገብ ትልቁ ጥያቄ ይህ ነው።

ስለዚህ አቤቱታ ስትጽፉ ከመርማሪው ስም አትነሡ። ምን ሳይመረመር ቀረ? ማን አልተጠየቀም? በየትኛው ቀን ለማን አመለከታችሁ፣ ምን መልስ አገኛችሁ? መርማሪው ከተጠርጣሪው ጋር ዝምድና ወይም ጥቅም ካለው በማስረጃ አሳዩ፤ ወሬ ከሆነ ተዉት። ከሁሉ በፊት ደግሞ ሊጠፋ የሚችለውን ማስረጃ የሚያስጠብቅ ትእዛዝ ጠይቁ፤ ቁስሉን፣ የካሜራውን ምስል፣ አገር ለቆ ሊሄድ ያለውን ምስክር። ማስተላለፉ የሚፈቀድ ከሆነ ቆይቶም ሊመጣ ይችላል፤ ባይፈቀድም የጠበቃችሁት ማስረጃ ይቀራል።

ያ ወጣት ትናንት ደውሎልኝ ነበር። ወደ ስፍራው ሄዶ ከሟቹ ቤት ፊት ለፊት ሱቅ ያላቸውን አንዲት እናት አነጋግሯቸዋል። በዚያ ሌሊት የሰሙትን ነግረውታል፤ እስካሁን ማንም መጥቶ አልጠየቃቸውም። አቤቱታውን እንደ አዲስ እየጻፈው ነው፤ በእርሳቸው ቃል ይጀምራል።