አስማተኛ ክር ለምትጽፉ ልጆቼ

ባለፈው ቅዳሜ ሦስት ወጣቶች የሽመና ቤቴ በር ላይ ቆመው «ጋሼ፣ አንድ ነገር እንጠይቅዎት?» አሉኝ። ልቦለድ እየጻፉ ነው። በልቦለዱ ውስጥ የሸማኔዎች ማኅበር አለ፤ የማኅበሩ ክር ደግሞ አስማት አለው። የለበሰውን ይሰውራል፣ ቁስል ይጠግናል፣ የሞተ ሰው ድምፅ ይይዛል። ከተማዋ ግንብ አላት፣ ጎንደርን ትመስላለች። ሲያነቡልኝ ሻዬ ቀዘቀዘ። በጣም ነው ደስ ያለኝ። ያን ዕለት ሥራ ይዤ ስለነበር ግን የልቤን አልነገርኳችሁም። እንደ እናንተ የሚጽፉ ሌሎችም እንዲያነቡት ይኸው ጻፍኩት።

በታሪካችሁ ዋናው ሸማኔ እጁን ሲያነሳ ክሩ በራሱ ይመጣል። እሺ፣ ይምጣ። እግሩስ የት ነው? ሸማኔ በእጁ ብቻ አይሠራም። ጉድጓድ ውስጥ እግሩን ሰዶ፣ የመርገጫውን ገመድ በእግሩ ጣቶች መሀል ይዞ ነው የሚውለው። አንዱን ሲረግጥ በቁመት የተዘረጋው ክር፣ ድሩ፣ ይከፈታል፣ መወርወሪያው አግድም የሚገባውን ክር፣ ማጉን፣ ይዞ ያልፋል፣ ይመታል፣ ሌላውን ይረግጣል። ማታ ሲወጣ ጉልበቱ እሺ አይለውም። አስማተኛም ቢሆን ጉልበቱን ይመመው።

ደግሞ የድር መበጠስን አንድ ቦታ አስገቡልኝ። ድር ሲበጠስ ድምፅ የለውም። ዓይንህ ሌላ ጋ ከሆነ ዝም ብለህ ትቀጥላለህ። አንድ ክንድ ከሠራህ በኋላ ሸማው ላይ ቀጭን መስመር ታያለህ፣ ጥርስ የወለቀበት አፍ ይመስላል። ልጅ ሆኜ እንዲህ ሲገጥመኝ አባቴ አልተቆጣኝም። መወርወሪያውን ከእጄ ወስዶ «ፍታው» አለኝ። ያን ሁሉ ማግ አንድ በአንድ እያወጣሁ አመሸሁ። ከዚያ ወዲህ በጣቶቼ ነው የማየው፤ ክር ሲላላ ጣቴ ከዓይኔ ቀድሞ ያውቃል። የእናንተ ሸማኔ ቁስል በሚጠግነው ሸማ ላይ አንዲት ክር ቢያመልጠው ምን ይመጣል? እኔ ለማንበብ የጓጓሁት ያንን ምዕራፍ ነው።

«ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» የምትለዋን ተረት የማኅበሩ መፈክር አድርጋችኋታል። ጥሩ ናት። ግን ተረቷ የምታወራው ስለ ድር ብቻ ነው። ማጉስ? ዛሬ ድሩ የፋብሪካ ክር ነው፣ ከሱቅ ይገዛል። የእጅ ፈትሉ ማጉ ነው። እሱን የሚያወጡት ደግሞ ሴቶች ናቸው። ጥጡ ይዳመጣል፣ በደጋን ይነደፋል፣ ከዚያ እንዝርት ላይ ይወጣል። እናቴ ለአንድ ጋቢ የሚሆን ማግ ስትፈትል ወራት ይፈጅባት ነበር። ጋቢ አራት ድርብ መሆኑን አትርሱ። እንዝርቷን ስታሾር ታወራለች፣ ልጅ ታባብላለች፣ ወጥ ታያለች፤ ክሩ ግን አይወፍርም አይቀጥንም። በማኅበራችሁ አሥራ ሁለት ሊቃውንት አሉ፣ ሁሉም ወንዶች፣ ሁሉም ሸማኔዎች። አንዲት ፈታይ የለችም። አስማቱ ያለው ክሩ ውስጥ ከሆነ የገባው ከእሷ እጅ አይደለም እንዴ?

አሁን ደግሞ ከባዱን ልንገራችሁ። ኃይሉ በዘር የሚወረስ፣ በደማቸው ያለ ነው ብላችኋል። የጎረቤት ሰው ይፈራቸዋል፣ በሌሊት መልካቸውን ይለውጣሉ። ይህን ስታነቡልኝ ዝም ያልኩት ለዚህ ነው።

በእኛ አገር ይህ ልቦለድ አልነበረም። ጎንደር አጠገብ ባለችው መንደር፣ ወለቃ ላይ የነበሩት ቤተ እስራኤሎች ብረት ይቀጠቅጡ፣ ሸክላ ይሠሩ፣ ይሸምኑ ነበር። ሰው ማረሻውን ከእነሱ ይገዛል፣ ማታ ጅብ ይሆናሉ ብሎ ይፈራቸዋል። ቡዳ ተባሉ። ሸማኔውም፣ ቆዳ ፋቂውም ከዚህ ስም አላመለጠም። እኔ ራሴ ትንሽ ልጅ ሆኜ የትምህርት ቤት ጓደኛዬ ቤት ሄድኩ። ምሳ ቀርቧል። እናቱ የማን ልጅ መሆኔን ጠየቁኝ፣ ነገርኳቸው። ምንም ክፉ ቃል አልወጣቸውም። ብቻ የመሶቡን ክዳን አንስተው ምግቡን ከደኑት። ያ ክዳን ሲገጠም የሰማሁት ድምፅ እስከ ዛሬ ጆሮዬ ውስጥ አለ።

አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው መሳደብ ይቅር ብለው አዋጅ ያስነገሩት በከንቱ አይደለም። ብረት ሠሪው ጠይብ፣ ሸማ ሠሪው ቁጢት በጣሽ እየተባለ ይሰደብ ነበር። የሚጽፈውንስ ምን ይሉት እንደነበር ታውቃላችሁ? ጠንቋይ። እናንተንም መሆኑ ነው።

ስለዚህ እባካችሁ፣ ኃይሉን ከደም አውጡት። በትምህርት የሚገኝ አድርጉት። ከሩቅ የመጣች፣ ዘሯ ያልታወቀ ልጅ መወርወሪያው ውስጥ በምትገባው ቀሰም ላይ ማግ ከማድወር፣ ከመጠምጠም፣ ጀምራ ትማረው። ጎረቤቱ መፍራቱን አትተዉት፣ ጻፉት። ግን ፍርሃቱ ከፈሪው ቤት ሆኖ ይታይ፤ ክዳኑን ማን እንደገጠመው አንባቢው ይይ።

ተአምር ፍለጋ ደግሞ ሩቅ አትሂዱ። በ18ኛው ክፍለ ዘመን ጎንደር ውስጥ የተሠሩ የቤተ ክርስቲያን የሐር መጋረጃዎች አሉ። ቁመታቸው ከ5 ሜትር በላይ ነው። የንጉሣውያንና የካህናት ምስል ያለው በቀለም አይደለም፣ ክሩ ራሱ ነው ምስሉን የያዘው። በመቶ የሚቆጠሩ ባለቀዳዳ ሰሌዳዎች ላይ ክር ሰክተው፣ ሰሌዳውን እያዟዟሩ ነው የሠሩት። እኔ አርባ ዓመት ስሸምን ኖሬ ፎቶውን አይቼ ተቀምጬ ቀረሁ። አንዱ በ1860 ዓ.ም. ከመቅደላ ከተዘረፈው ጋር ሄዶ ለንደን፣ ብሪቲሽ ሙዚየም ይገኛል። የሠሩት ሰዎች ስም ግን ለእኛ አልደረሰንም። የእናንተ ማኅበር የእነሱ ቢሆንስ?

ሲመቻችሁ ጠዋት ኑ። ጫማችሁን አውልቃችሁ ጉድጓዱ ውስጥ ትገባላችሁ፣ አንድ አንድ ክንድ ትሞክራላችሁ። ቀጣዩን ምዕራፍም ይዛችሁ ኑ። ብቻ ከዚያ በፊት ለፈታይዋ ስም አውጡላት።