መቀጮ መክፈል ላቃታችሁ፦ ጥያቄና መልስ ከሐዋሳ

ስለ ፍርድ ቤት መቀጮ ጠይቁኝ ብዬ ነበር፤ ብዙ ጥያቄ መጣ። በጥብቅና ሥራዬ እስከ ዛሬ የሚያሳዝነኝ አንድ ነገር አለ። አቅም የሌለው ሰው ዳኛው ፊት ዝም ይላል። ከዚያ ውጭ ወጥቶ ያለቅሳል።

የባጃጅ ሾፌር፣ ከአቶቴ፦ ጋሼ፣ ሰው ገጭቼ ጥፋተኛ ተባልኩ። 4,000 ብር ተቀጣሁ። ባጃጇ የሰው ናት። የቀን ገቢ አስገብቼ የሚተርፈኝ ለልጆቼ ዳቦ እንኳ አይበቃም። እታሰራለሁ?

ወንድሜ፣ መጀመሪያ ነገር አትጥፋ። ስልክ ዘግቶ የጠፋ ሰው በፖሊስ ይፈለጋል፤ ያኔ ማንም ችግሩን አይሰማውም። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 90 ዳኛው መቀጮ ሲወስን ያንተን አቅም እንዲያይ ያዘዋል። ገቢህን፣ የቤተሰብ ኃላፊነትህን፣ ዕድሜህንና ጤናህን ማለት ነው። ባንዴ መክፈል ካቃተህ ደግሞ ጊዜ ሊሰጥህ ወይም ከፋፍለህ እንድትከፍል ሊፈቅድልህ ይችላል።

ይህን ግን በጽሑፍ ጠይቅ። የመዝገብ ቁጥርህን ጥቀስ። «ጊዜ ስጡኝ» ብቻ አትበል፤ «በየወሩ 500 ብር ከፍዬ በ8 ወር እጨርሳለሁ» በል። ቁጥር ያለው ሐሳብ ዳኛውን ያግዘዋል። ከቀበሌ ስለ ኑሮህ ማስረጃ፣ ከባጃጇ ባለቤት ስለ ቀን ገቢው ደብዳቤ፣ የኪራይ ውል ካለህም አያይዝ። የከፈልክበትን ደረሰኝ ሁሉ አስቀምጥ።

ስለ እስሩ፣ ሕጉ መክፈል ላልቻለ ሰው መቀጮውን ወደ ጉልበት ሥራ የሚለውጥበት መንገድም አለው። ቢሆንም የፍርዱን ግልባጭ አውጥተህ አንብብ። «ባይከፍል ይህን ያህል ይታሰር» የሚል ካለበት፣ ቀኑ ሳይደርስ ነው ማመልከት ያለብህ።

ከታቦር፦ ወንድሜ ጥፋተኛ ተብሏል፤ ቅጣቱ ገና ነው። አሁን ምን እናድርግ?

እህቴ፣ ወሳኙ ሰዓት ይሄ ነው። ዳኛው የቅጣት አስተያየት ሲጠይቅ «ምንም የለኝም» ብሎ እንዳይቀመጥ። ልጆቹን፣ ሕመሙን፣ ገቢውን ከነማስረጃው ያቅርብ። ከዚህ በፊት ተፈርዶበት የማያውቅ ከሆነ ገደብም፣ ማለትም ቅጣቱ ለጊዜው ታግዶ በፈተና እንዲቆይ፣ ይጠይቅ። ብዙ ሰው ገደብ ለእስራት ብቻ ይመስለዋል፤ በመቀጮ የሚያስቀጣ ጥፋትንም ይመለከታል።

የሻይ ነጋዴ፦ ለዋስ ያስያዝኩት ብር መቀጮው ላይ ይታሰብልኛል?

በራሱ አይታሰብም፤ ሁለቱ የተለያዩ ናቸው። ቀጠሮሽን አክብረሽ ጉዳዩ ካለቀ የዋሱ ብር ይመለሳል። ደረሰኙን ይዘሽ እንዲለቀቅልሽ አመልክቺ። ለተጎጂ የሚከፈል ካሳም ሌላ ነው። መቀጮው ለመንግሥት፣ ካሳው ለተጎዳው ሰው ነው።

ከመናኸሪያ አካባቢ፦ ቅጣቱ በዛብኝ። ይግባኝ እስከ መቼ ነው?

በወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 187 መሠረት ፍርዱ በተሰጠ በ15 ቀን ውስጥ ይግባኝ እንደምትል ታስታውቃለህ። የፍርዱ ግልባጭ ከደረሰህ በኋላ ደግሞ ማመልከቻውን ለማስገባት 30 ቀን አለህ። 15ቷን ቀን ግልባጭ በመጠበቅ የሚያባክን ብዙ ነው። እባክህ እንዳታልፍህ።

እናት፣ 61 ዓመት፦ ልጄ፣ ችሎት ላይ በሲዳምኛ ሲናገሩ አልገባኝም፤ ጠበቃም የለኝ።

እማማ፣ የተከሰሱት እርስዎ ከሆኑ ሳይገባዎት «እሺ» አይበሉ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 አስተርጓሚ በመንግሥት ወጪ የመጠየቅ መብት አለዎት። እጅዎን አንስተው «አልገባኝም» ማለት ይበቃል። ለጠበቃው የሐዋሳ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ነጻ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል፤ ወረቀትዎን ይዘው ይሂዱ። ፍርድ ቤቱንም ተከላካይ ጠበቃ ይጠይቁ።

ባለ ሱቅ፦ የእኔ ቅጣት የግብር ነው።

ያንተ መንገድ ሌላ ነው። መጀመሪያ ቅሬታህን ለግብር ሰብሳቢው ራሱ ታቀርባለህ፤ ፍርድ ቤት በኋላ ይመጣል። የፌዴራሉ አዋጅ 983/2008 በግብር ውሳኔ ላይ ለሚቀርብ ቅሬታ የሰጠው 21 ቀን ነው። ግብርህ የክልል ከሆነ የክልሉ አዋጅ ይሠራብሃልና የውሳኔውን ወረቀት ዛሬውኑ ይዘህ ጠይቅ።