መልስ፦ ስልኩ ተዘግቶ ሳለ የጌሙ እንስሳ እንዴት ይሞታል?

ባለ ቁልፍ ስልክዎ ባትሪ ጨርሶ ለቀናት ከቆየ በኋላ የእንስሳ ማሳደጊያ ጌሙን ሲከፍቱ በውስጡ ያሳደጉት ቡችላ ሞቶ ስላገኙት፣ ጌሙ ስልኩ ተዘግቶም ይሠራ እንደሆነ ጠይቀዋል። አይሠራም። የዚህ ዓይነት የጃቫ ጌሞች (ጃቫ በተባለው የፕሮግራም ቋንቋ ለባለ ቁልፍ ስልኮች የተሠሩ ጌሞች) የተለመደ አሠራር፣ ሲዘጉ የእንስሳውን ረሃብ፣ ንጽሕናና ደስታ ከሰዓቱ ጋር መዝግቦ ማስቀመጥ፣ እንደገና ሲከፈቱ ደግሞ የስልኩን ሰዓት ተመልክቶ በመካከሉ ያለፈውን ጊዜ በማስላት ረሃቡን በአንድ ጊዜ መጨመር ነው። ስለዚህ ባትሪ ወጥቶ ከገባ በኋላ፣ ጌሙን ከመክፈትዎ በፊት ቀኑና ሰዓቱ ትክክል መሆኑን ያረጋግጡ፤ ዓመቱ በስህተት አንድ ወደፊት ቢሞላ ጌሙ ቡችላው ዓመት ሙሉ እንዳልበላ ይቆጥረዋል።

የእንስሳ ማሳደጊያ ጌሞች ፈር ቀዳጅ የሆነው፣ የአሻንጉሊት አምራቹ ባንዳይ በ1996 እ.ኤ.አ. ጃፓን ውስጥ ያወጣው ታማጎቺ የተባለ ትንሽ የእጅ መጫወቻ፣ የራሱ ባትሪ ስላለው ጊዜውን ሳያቋርጥ ይቆጥር ነበር። ስልክ ግን ለሌላ ሥራም የሚያገለግል ዕቃ ስለሆነ፣ እንስሳውን ከመግደል ይልቅ አሳምመው ለባለቤቱ የማዳን ዕድል የሚሰጡት ጌሞች በእኔ እምነት የተሻሉ ናቸው፤ በተለይ ለልጆች።

ጌሙን በአንድሮይድ ስልክ ለመጫወት ከፈለጉ፣ የጃር ፋይሉን (ጌሙ የተቀመጠበትን፣ ስሙ በ.jar የሚያልቅ ፋይል) ገልብጠው ጄ ቱ ኤም ኢ ሎደር በተባለው መተግበሪያ ይክፈቱት። ፋይሉ የሚይዘው ጌሙን ብቻ ስለሆነ እንስሳዎ አብሮ አይሄድም፤ የእንስሳው መዝገብ የሚቀመጠው በአሮጌው ስልክ ውስጥ ነው፣ ጌሙን ከዚያ ካጠፉትም አብሮ ይሰረዛል።