ስለ ስደተኛው ሩሲያዊ ገጣሚ ዮሴፍ ብሮድስኪ፦ ጥያቄና መልስ

(ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ጥያቄ፦ ብሮድስኪ የተከሰሰው በጻፈው ግጥም ምክንያት ነውን?

መልስ፦ በክሱ ላይ የሰፈረው ወንጀል ሥራ ፈትነት ነበር። በ15 ዓመቱ ትምህርቱን ያቋረጠው ብሮድስኪ በፋብሪካ፣ በሬሳ ማቆያ ክፍልና ከጂኦሎጂ አጥኚዎች ጋር ሠርቷል፤ ይሁንና ከሥራ ሥራ የሚዘዋወርና በደራስያን ማኅበር ያልታቀፈ ሰው የኅብረተሰብ ጥገኛ ተብሎ ሊፈረድበት ይችል ስለነበር፣ በ1964 በሶቪየት ኅብረቷ ከተማ ሌኒንግራድ ውስጥ ችሎት ፊት ቆመ። ዳኛዋ ከገጣሚዎች ተርታ ማን እንዳስገባው ብትጠይቀው፣ ማንም እንዳላስገባው ተናግሮ ከሰው ልጆች ተርታስ ማን እንዳስገባው መልሶ ጠየቃት። ይህን ምልልስ ዛሬ የምናውቀው ፍሪዳ ቪግዶሮቫ የተባለች ጋዜጠኛ በችሎቱ ተቀምጣ ስለጻፈችው ነው፤ በእኔ ግምት የእርሷ ድፍረት ከተከሳሹ ድፍረት አያንስም።

ጥያቄ፦ የተፈረደበትን የአምስት ዓመት ግዞት ጨርሷልን?

መልስ፦ አልጨረሰም። በአርካንግልስክ ክፍለ ሀገር፣ ኖሬንስካያ በምትባል መንደር በግብርና ሥራ አንድ ዓመት ተኩል ያህል ከቆየ በኋላ፣ እነ ገጣሚዋ አና አኽማቶቫና የሙዚቃ ደራሲው ሾስታኮቪች ስለተሟገቱለት በ1965 ተለቀቀ።

ጥያቄ፦ በ1972 ከአገሩ የወጣው ወድዶ ነው የሚሉ አሉ። ምን ይላሉ?

መልስ፦ አልስማማም። ባለሥልጣናቱ ወደ እስራኤል የመሄጃ ቪዛ እንዲጠይቅ አስገደዱት፤ እርሱ ግን በቪየና በኩል አድርጎ፣ እዚያው ኦስትሪያ ውስጥ ገጣሚውን ኦደንን ካገኘ በኋላ፣ ወደ አሜሪካ አቅንቶ በሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ማስተማር ጀመረ። ከሁሉ የከበደው ቅጣት ግን የመጣው ከዚያ በኋላ ይመስለኛል፤ ወላጆቹ ልጃቸውን ለማየት በተደጋጋሚ ቢያመለክቱም ፈቃድ ተነፍገው፣ እናቱ በ1983፣ አባቱ በ1984 ዐይኑን ሳያዩ አረፉ።

ጥያቄ፦ ታዲያ ስለ ወላጆቹ የጻፈውን ድርሰት ለምን በእንግሊዝኛ ጻፈው?

መልስ፦ ግጥሙን በአብዛኛው እስከ መጨረሻው በሩሲያኛ የጻፈ ሰው እዚህ ላይ ቋንቋ መቀየሩ ያለ ምክንያት አይደለም። እርሱ ራሱ በድርሰቱ እንዳስረዳው፣ ወላጆቹን በሕይወት ሳሉ ነፃነት የነፈጋቸው መንግሥት በሚሠራበት ቋንቋ ከሚተርክላቸው ይልቅ፣ በባዕድ ቋንቋ የተወሰነ ነፃነት ሊሰጣቸው ፈልጎ ነው። ድርሰቱ በ1986 በታተመው የድርሰቶቹ መድበል ውስጥ ይገኛል፤ ብሮድስኪን ማንበብ ለሚጀምር ሰው ከዚህ የተሻለ መግቢያ አላውቅም።

ጥያቄ፦ በ1987 ኖቤል ከተሸለመና ሶቪየት ኅብረት ከፈረሰች በኋላስ ተመለሰ?

መልስ፦ አልተመለሰም። በጃንዋሪ 1996 ኒው ዮርክ ውስጥ በልብ ሕመም ሞተ፤ የተቀበረውም ቬኒስ ነው።