ልክ የነበረው ሰዓት

የአያቷን ሰዓት ይዛ ለመጣችው ልጅና ለጓደኞቿ፣

ባለፈው ሳምንት ሰዓቱን ከሰጠሽኝ በኋላ ከቦርሳሽ ደብተር አወጣሽ። አራት ሆናችሁ ጌም እየሠራችሁ ነው አልሽኝ። በጌሙ ውስጥ ጊዜን ወደ ኋላና ወደ ፊት የሚያንቀሳቅሱ ባለሙያዎች አሉ፤ የሚተዳደሩበት የሥነ ምግባር ደንብም 11 አንቀጽ አለው። አንብበሽልኝ ስታበቂ «ጋሼ፣ እርስዎ ዕድሜዎን ሙሉ ከጊዜ ጋር ሠርተዋል፤ የጎደለ አለ?» ብለሽ ጠየቅሽኝ። ሳቅኩብሽ። እኔ የሠራሁት ከጥርስና ከሞላ ጋር ነው እንጂ ጊዜን የት አውቄው! አንቺ በባጃጅ ከሄድሽ በኋላ ግን ወረንጦዬን መልሼ ማንሳት አቃተኝ።

በ1964 ዓ.ም. 23 ዓመቴ ነበር። ድሬዳዋ፣ መጋላ ሰፈር አንድ በረንዳ ላይ የሰዓት መጠገኛ ጠረጴዛና የመስታወት ሣጥን ነበረኝ። አንድ ቀን የአንድ ፋብሪካ ኃላፊ ሰው ላከብኝ። የፋብሪካውን ስም ተዉት። ግድግዳው ላይ ፔንዱለም ያለው ሰዓት ተሰቅሏል፤ ሠራተኛው የሚገባውም የሚወጣውም በእሱ ነው። ኃላፊው ሻይ አስመጣልኝና ሰዓቱ በስምንት ሰዓት ፈረቃ ውስጥ አሥር ደቂቃ ወደ ኋላ እንዲቀር እንደሚፈልግ ነገረኝ። ጠዋት ጠዋት ሠራተኛ ሳይገባ እሱ ራሱ ያስተካክለዋል። ቀን ላይ ቆጣሪውን በእጁ ቢመልስ ሰው ያየዋል፤ እኔን የፈለገኝ ለዚህ ነው።

ሥራው ቀላል ነበር፤ የሚያሳፍረኝም ቀላልነቱ ነው። ፔንዱለም በረዘመ ቁጥር ይዘገያል። ያኛው 25 ሳንቲ ሜትር ገደማ ነበር፤ ከታች ያለችውን ዳዶ ፈታ ፈታ አድርጌ ክብደቱን 1 ሳንቲ ሜትር ያህል አወረድኩት፣ አለቀ። ሰው ቢጠይቅ «የድሬ ሙቀት ነው» እንድንል ተስማማን። ይኼም እኮ ጨርሶ ውሸት አይደለም፤ ብረት ሲሞቅ ይረዝማል። ግን ሙቀት በቀን የሚሰርቀው ጥቂት ሰከንድ ነው፣ እኛ ደቂቃ ነበር የሰረቅነው። 20 ብር ሰጠኝ። ከጂቡቲ የመጣ ሸሚዝ ገዛሁበት፣ ነጭ፣ ኪሱ ሁለት።

ሁለት ወር ያህል ቆይቶ አንዲት ሴት የእጅ ሰዓት ይዛ መጣች። «ወንድሜ፣ ይኼ ሰዓት ቤት ሲሆን ልክ ነው፤ ከሬዲዮው ጋር አስተያየዋለሁ። ፋብሪካ ስገባ ግን ያብዳል። ስወጣ አሥር ደቂቃ ቀድሞ አገኘዋለሁ» አለችኝ። የትኛው ፋብሪካ እንደሆነ መጠየቅ አላስፈለገኝም። ከፈትኩት። የስዊዝ ሥራ ነው፤ ማስተካከያው ላይ «ኤ» እና «አር» የሚሉ የፈረንጅ ፊደሎች አሉ፣ በፈረንሳይኛ ማፍጠኛና ማዘግያ ማለት ነው፤ ጠቋሚዋ ከመሐል ንቅንቅ አላለችም። ውስጡ ንጹሕ ነው። አሳድሬ ከራሴ ሰዓት ጋር አስተያየሁት፤ ልዩነት የለም።

እንግዲህ ልብ በሉ፤ ሴትዮዋ ነገሩን ደርሳበት ነበር። «ቤት ልክ፣ ፋብሪካ ስህተት» ብላ በራሷ አፍ ተናግራዋለች። አንድ እርምጃ ነው የቀራት። እኔ ያቺን እርምጃ በሙያዬ ዘጋሁባት። እንደ ፀጉር የቀጠነችው ሞላ ማግኔት ከያዛት ጥቅልሎቿ እርስ በርሳቸው ይጣበቃሉ፣ ያጥራሉ፣ ሰዓቱም ይፈጥናል። ማንኛውም ሰዓት ሠሪ ይኼን ያውቃል። «የሞተሮቹ ማግኔት ነው» አልኳት። «ፋብሪካ ይዘሽው አትግቢ፣ ይበላሽብሻል።»

መረቀችኝ። በዚያ ግቢ ውስጥ ልክ የነበረው አንድ ሰዓት ከበሩ ውጭ ቀረ። ሒሳብ አልቀበልም ስላት በማግስቱ ሳምቡሳ በጋዜጣ ጠቅልላ አመጣችልኝ። በላሁት፤ ትኩስ ነበር። ከዚያ ወዲህ ቀፊራ ገበያ ባገኘኋት ቁጥር ዓይኔ ወደ ግራ እጇ ይሄዳል፤ ሰዓቱ የነበረበት አንጓዋ ላይ ፈዘዝ ያለ ምልክት ነበር፣ እየቆየ ጠፋ። ዛሬ እነግራታለሁ፣ ነገ እነግራታለሁ ስል አንድ ቀን ከተማውን ለቃ ሄዳለች አሉኝ።

ወደ ደንባችሁ ልመለስ። አንቀጽ 3 «የሞተን ሰው ለማዳን ጊዜን መመለስ ክልክል ነው» ይላል። ይኼን ማን ጻፈው? በ1998 ክረምት የደቻቱ ወንዝ ጎርፍ በሌሊት ሲመጣ የጻፈው ሰው ድሬ ላይ አልነበረማ! ዝናቡ የጣለው ላይ ደጋው ላይ ነው፤ እኛ ተኝተን ነበር። ከ200 በላይ ሰው ሄደ። እኔ መሣሪያው ቢኖረኝ ሁለት ሰዓት እመልስ ነበር፣ ደንባችሁን ሳልጠይቅ። ሰዓት መንካት ነውር ነው እያልኩ መልሼ እንዲህ ማለቴን አውቃለሁ። የቤታችንንም ሰዓት አሥር ደቂቃ አስቀድሜዋለሁ፣ ባለቤቴ ኪዳን እንዳያመልጣት። ግን እሷ ታውቃለች፤ አውቃም ታረፍዳለች።

ልዩነቱ እዚያ ላይ ይመስለኛል። የድሮዎቹ የጂቡቲ ነጋዴዎች ቀጠሮ ሲይዙ «በኛ ነው በፈረንጅ?» ይባባሉ ነበር። ስድስት ሰዓት ሙሉ ልዩነት፣ ግን ማንም አይታለልም፣ ሁለቱም ያውቁታላ። እናንተ የዛሬ ልጆች ስልካችሁን ታያላችሁ፣ ስልኩ ያላችሁን ታምናላችሁ፤ ከምን ጋር ታስተያዩታላችሁ? ለነገሩ አልጋ ውስጥ ሆኖ «መንገድ ላይ ነኝ አቦ» ለሚል ሰው ሰዓት ልክ ሆነ አልሆነ ምን ሊረባው!

11ዱም አንቀጾች ጊዜን ስለሚያንቀሳቅሰው ሰው ናቸው፤ የሌላ ሰው እጅ ላይ ስላለው ሰዓት አንድም ቃል የለም። እሱን ጨምሪበት፦ ባለሙያው ጊዜን ቢነካ እንኳ የሰውን ማስተያያ አይንካ፤ «ያንቺ ነው የተበላሸው» አይበል። አንቀጽ 9 ላይ ቅጣት ጽፋችኋል፣ ካሳ ግን የለም። በቀን አሥር ደቂቃ፣ በሳምንት ስድስት ቀን፣ ለአንዲት ሴት ብቻ በሳምንት አንድ ሰዓት ነው። ያ ፔንዱለም ስንት ዓመት እንደዚያ እንደተወዛወዘ አላውቅም።

የአያትሽ ሰዓት ደርሷል። ከሰዓት በኋላ በርጫ ላይ ስለምሆን ጠዋት ነይ። ሞላው አርጅቷል፣ በቀን ግማሽ ደቂቃ ወደ ኋላ ይቀራል። ከዚህ በላይ ላስተካክለው አልቻልኩም።