ስለ አንጎል ለምታነቡ ልጆቼ

ውድ ልጆቼ፣

ስለ አንጎል የምታነቡ ወጣቶች እየበዛችሁ ነው፤ ደስ ይላል። የህክምናውም፣ የሳይኮሎጂውም፣ የኮምፒውተሩም ተማሪ «በየትኛው መጽሐፍ ልጀምር?» ይለኛል። ዕድሜዬን በዓይን ህክምና ያሳለፍኩ ሰው ነኝና ከማየት ጀምሩ እላለሁ። ለሙያዬ አድልቼ አይደለም። መጽሐፉ የሚላችሁን ነገር ቁጭ ባላችሁበት በራሳችሁ ላይ ልትሞክሩት ስለምትችሉ ነው።

አሁኑኑ ሞክሩት። መስመር ያለው የደብተር ወረቀት ውሰዱ። በግራ በኩል መስቀል፣ ከሱ 8 ሴንቲ ሜትር ያህል ወደ ቀኝ ደግሞ ወፈር ያለ ነጥብ አድርጉ። ግራ ዓይናችሁን ጨፍኑ። በቀኝ ዓይናችሁ መስቀሉን ብቻ እያያችሁ ወረቀቱን 30 ሴንቲ ሜትር ገደማ ላይ ያዙትና ቀስ እያላችሁ አቅርቡት፣ አርቁት። የሆነ ቦታ ላይ ነጥቡ ይጠፋል። ምስሉ ያረፈው የዓይን ነርቭ ከሬቲና (ብርሃን ከሚቀበለው የዓይን የውስጥ ሽፋን) በሚወጣበት ቦታ ነው፤ እዚያ ብርሃን የሚቀበል ህዋስ የለም። እኔን ሁሌም የሚገርመኝ ግን መጥፋቱ አይደለም። በቦታው ጥቁር ቀዳዳ አይታያችሁም። የደብተሩ መስመር ሳይቋረጥ ይቀጥላል። ያን መስመር ያሰመረው አንጎላችሁ ነው።

ይህን ካያችሁ በኋላ የሪቻርድ ግሪጎሪን «ዓይንና አንጎል» ያዙ። የወጣው በ1966 ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ቆየት ያለ ቢሆንም ለጀማሪ እንደሱ የሚሆን አላገኘሁም። ዓይን የሚያቀብለው ፍንጭ ብቻ መሆኑን፣ የቀረውን አንጎል ከልምዱ እየገመተ እንደሚሞላው ያሳያችኋል። የዴቪድ ማርን «ቪዥን» የተባለ መጽሐፍ ግን ለጊዜው ተዉት። ትልቅ ሥራ ነው፤ ሒሳቡ ሳይጠነክር ከተገባበት ግን ተስፋ ያስቆርጣል።

ቀጥሎ ዴቪድ ሁበልና ቶርስተን ዊዝል ይመጣሉ። በ1981 ኖቤል የተሸለሙ የአንጎል ተመራማሪዎች ናቸው። የድመት ግልገሎችን አንድ ዓይን ሰፍተው ለወራት ዘጉት። ሲከፍቱት ዓይኑ ጤነኛ ነበር፤ አንጎሉ ግን ከዚያ ዓይን የሚመጣውን መልእክት መቀበል አቅቶታል። ማየት የሚለመድበት ዕድሜ አልፎበታል። የዓይን ሞራ ይዞት የተወለደ ህፃን ሲመጣ እኛ ሐኪሞች «ትንሽ ይደግ» የማንለው ለዚህ ነው። በዚህ ዕውቀት ብዙ ልጆች ብርሃናቸው ተርፏል። ዕውቀቱ የተገኘው ደግሞ ከነዚያ ግልገሎች ነው። ስታነቡ አንዱን ይዛችሁ ሌላውን አትጣሉ።

ነገሩ የሩቅ ሀገር ወሬ አይምሰላችሁ። በሁለቱም ዓይናቸው ላይ ሞራ ይዘው የተወለዱና ለዓመታት ሳይታከሙ የቆዩ የሀገራችን ልጆች ቀዶ ህክምና ከተደረገላቸው በኋላ እንዴት እንደሚያዩ የኢየሩሳሌም ዕብራይስጥ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች አጥንተዋል። አንዱ ጥናት የታተመው በ2015 ነው። ልጆቹ ቀለም ይለያሉ። መጠንና ቀላል ቅርጽም ይለያሉ። ቅርጹን ከጥላ ማውጣት ሲኖርባቸው ወይም አንዱ ነገር ሌላውን ሲጋርደው ግን ይቸገራሉ። እኛ ስኒው ረከቦቱን በከፊል ቢሸፍነው ረከቦቱ ሙሉ መሆኑን ሳናስብ እናውቃለን። ለነሱ ይህ ቀላል አይደለም። እንዲህ ያሉ ልጆች በጥናት ውስጥ የሚመጡት በቁጥርና በግራፍ ሆነው ነው። እኔ በሥራዬ ያየሁትን ልጨምርላችሁ፦ ፋሻው ሲነሳ እናት «አየኸኝ?» ትላለች። ልጁ በድምጿ ወደሷ ይዞራል እንጂ ፊቷን አያውቀውም። ግራፉን ስታዩ ይህችን እናት አስቧት።

ልነግራችሁ የፈለግሁት ዋናው ነገር ይኸው ነው። በአንጎል ሳይንስ ውስጥ ከያንዳንዱ ግኝት ጀርባ አንድ ሰው አለ፤ ያን ሰው ፈልጉት። ሄንሪ ሞላይሰን የሚጥል በሽታ ነበረበት። በ1953፣ በ27 ዓመቱ፣ ሐኪሙ ከአንጎሉ ግራና ቀኝ የተወሰነ ክፍል አወጣለት። ከዚያ ወዲህ አዲስ ትዝታ መያዝ አልቻለም። የሳይኮሎጂ ተመራማሪዋ ብሬንዳ ሚልነር ኮከብ በመስታወት እያየ እንዲስል አደረገችው። በየቀኑ ሥራው አዲስ ይሆንበታል፤ እጁ ግን በየቀኑ እየተሻሻለ ሄደ። የእጅ ልምድና የትዝታ ቦታ የተለያየ መሆኑን የተረዳነው ከሱ ነው። በ2008 እስኪሞት ድረስ በመጻሕፍቱ ውስጥ ስሙ «ኤች.ኤም.» ብቻ ነበር። ተማሪ ውጤቱን ለፈተና ይሸመድዳል። እኔ የምፈልገው እዚህ ላይ እንድትቆሙ ነው፦ ትናንት የፈቀደውን ዛሬ የማያስታውስ ሰው «እሺ» ሲል ፈቃድ ሰጠ እንላለን?

ይህ የድሮ ጣጣ ነው እንዳትሉ። ሰከንድ ሳይት የተባለ የአሜሪካ ኩባንያ ብርሃናቸውን ላጡ ሰዎች ሬቲና ላይ የሚተከል አርገስ 2 የሚባል መሣሪያ ሠራ። መነጽር ላይ ያለ ካሜራ ምስሉን ይይዛል፤ 60 ኤሌክትሮዶች (ኤሌክትሪክ የሚያስተላልፉ ጥቃቅን ጫፎች) ወደ ነርቩ ያደርሱታል። አሜሪካ ውስጥ በ2013 ተፈቀደ። ከ350 በላይ ሰዎች አስተከሉት። ኩባንያው በ2019 መሣሪያውን መሥራት አቆመ፤ ቀጥሎም አብዛኛውን ሠራተኛ አሰናበተ። መሣሪያው ሲበላሽ ጠጋኝ ጠፋ። ዓይናቸው ውስጥ ያለው ግን እዚያው ቀረ። አሁን አንጎል ውስጥ ስለሚተከሉ ቺፖች ስትሰሙ ልባችሁ እንደሚዘል አውቃለሁ፤ የኔም ይዘላል። ከሚያደርጉት ተአምር ጋር የእነዚህን ሰዎችም ታሪክ አንብቡ።

ከመካከላችሁ የጥናት ፕሮፖዛል የምትጽፉ አላችሁ። የፈቃድ ቅጹን ከሌላ ገልብጣችሁ መጨረሻ ላይ አትለጥፉት። ቀድማችሁ ጻፉት፤ ተሳታፊው በሚናገረው ቋንቋ። በጀቱ አልቆ እናንተ ስትሄዱ ልጁን ማን እንደሚከታተለው፣ መሣሪያውን ማን እንደሚጠግነው በግልጽ አስገቡ። ከዚያ ትምህርት ቤት ላልገቡ አንዲት እናት አንብቡላቸውና ምን እንደገባቸው ጠይቋቸው። የገባቸው ሌላ ነገር ከሆነ ጥፋቱ የጽሑፉ ነው፤ እንደገና ጻፉት። ረቂቁን የሚያሳየኝ ካለ በደስታ አነብለታለሁ።