ፊልሙ ያላሳየውን ክፍል ሥሩት

ሰላም ልጆች። ሰሞኑን ከእናንተ አንዱ "ከአንድ የድሮ አክሽን ፊልም ተነስቼ በድሮ ስታይል የተኩስ ጌም ልሠራ ነው፤ ፊልሙን ምን ያህል ልከተል?" ብሎ ጠየቀኝ። በሁለት መስመር ልመልስለት ሞከርኩ፣ አልሆነልኝም። ጥያቄው የቆየ ቁጭት ቀሰቀሰብኝ። ስለዚህ ትንሽ ታገሱኝ።

በወጣትነቴ ከፊልም ጌም በሚሠራ አነስተኛ ድርጅት ውስጥ ሌቭል፣ ማለትም ተጫዋቹ የሚዞርባቸውን የጌም ቦታዎች፣ እሠራ ነበር። አንዴ ገና እየተቀረጸ ያለ ፊልም ተሰጠን። በእጃችን የነበረው ስክሪፕቱና ጥቂት ፎቶ ብቻ ነው። ዋናው ፍልሚያ ከመሬት በታች ባለ ባቡር ጣቢያ ውስጥ ነው የሚካሄደው። ስክሪፕቱ ላይ ጣቢያው ማለት አንድ ደረጃና አንድ መሳፈሪያ ነው። ጀግናው በደረጃው ይወርዳል፣ ይተኩሳል፣ አለቀ።

አጠገቤ የምትቀመጥ ባልደረባዬ ግን ይሄ ጣቢያ አይደለም አለች። ሰው ትኬት የሚቆርጠው የት ነው? ሠራተኞቹ ልብስ የሚቀይሩት የት ነው? አየርስ በየት ይገባል? እንዲህ እየጠየቀች ክፍሎቹን አንድ በአንድ ሠራቻቸው። የትኬት መቁረጫው መስታወት ጥጉ ላይ ተሰንጥቋል። ልብስ መቀየሪያው ውስጥ ካሉት ቁም ሣጥኖች አንዱ ከግድግዳው ፈቀቅ ብሏል፤ ከኋላው የአየር ቱቦ አለ። በቱቦው ጎንበስ ብለህ ስትሄድ ቆይተህ መሳፈሪያው ጣሪያ ላይ ትወጣለህ፣ ከታች ጠባቂዎቹ ሲንጎራደዱ አናታቸው ብቻ ይታይሃል። ይሄን ካየን በኋላ በደረጃው የሚወርድ ጠፋ። ጌሙን ከሚሞክሩት ልጆች አንዱ ጭራሽ መተኮሱን ትቶ እዚያው ጣሪያ ላይ ሆኖ የጠባቂዎቹን አካሄድ ሲያጠና ይውል ነበር።

ከዚያ ከፊልሙ ባለቤቶች መልእክት መጣ። ፊልሙ ውስጥ የሌለ ክፍል ጌሙ ውስጥ አይኑር። ጌሙ ደግሞ ከፊልሙ እኩል መውጣት አለበት፣ ቀኑ አይነካም። ክፍሎቹን ነቅሎ ማውጣት በዚያ ዘመን ቀላል አልነበረም፤ ካርታውን ከነካህ ከየት ቆመህ ምን እንደሚታይ ኮምፒውተሩ እንደገና ማስላት አለበት፣ ሌሊቱን ሙሉ ሲሠራ ያድርና ጠዋት አዲስ ችግር ይዞ ይጠብቅሃል። ስለዚህ ክፍሎቹ ባሉበት ቀሩ፣ የበሮቹ መክፈቻ ትእዛዝ ብቻ ተሰረዘ። ትእዛዙን የሰረዝኩት እኔ ነኝ። እሷ ከኋላዬ ቆማ ነበር። አልተቆጣችም፤ "የቱቦውንም ጫፍ ትዘጋዋለህ?" ብቻ ብላ ጠየቀችኝ።

ጌሙ በቀኑ ወጣ። ተጫዋቹ በሩ ጋ ይደርሳል፣ ቁልፉን ይጫናል፣ በሩ አይከፈትም። ከበሩ ወዲያ የተሰነጠቀው መስታወት፣ ቁም ሣጥኑ፣ ቱቦው ሁሉም ዲስኩ ውስጥ አሉ። ማንም አላያቸውም። ጌሙም ብዙ ሳይቆይ ተረሳ። እሷ ወደ ሕንፃ ንድፍ ሥራ ገባችና ወደ ጌም አልተመለሰችም። እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ትክክል እንደነበረች ለማወቅ ከጀምስ ቦንድ ፊልም የተሠራውን ጎልደንአይ 007 የተባለ የተኩስ ጌም ማየት ይበቃል። ፊልሙ የወጣው እ.ኤ.አ. በኅዳር 1995፣ ኒንቴንዶ 64 በተባለው የጌም ማጫወቻ ላይ የሚሠራው ጌም በነሐሴ 1997። ሁለት ዓመት ሊሞላ ሦስት ወር ገደማ ሲቀረው! ጌሙን የሠራው ሬር የተባለ ድርጅት ነው፤ ማርቲን ሆሊስ የሚመራው ቡድን ትንሽ ነበር፣ አብዛኞቹም ከዚያ በፊት ጌም ሠርተው አያውቁም። ፊልሙ የሚቀረጽበት ቦታ ድረስ ሄደው ፎቶ አነሱ። ብዙውን ጊዜ መጀመሪያ ቦታውን እንደ ቦታ ይሠሩታል፤ ጠላቱ የት ይቁም፣ ተልእኮው ምን ይሁን የሚለው በኋላ ይመጣል። ፊልሙ መጀመሪያ ላይ የሚታየው ግድብ አንድ ዝላይ ብቻ ነው። ጌሙ ላይ ግን ማማ አለ፣ የመኪና መሿለኪያ አለ፣ ከሩቅ የምታነጣጥርበት ጠመንጃ አለ፣ ዝላዩ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። ውሃው ማዶ ደግሞ በጠመንጃው መነጽር ብቻ የምትታይ፣ የማይደረስባት ትንሽ ደሴት አለች። ተጫዋቾች ስንት ዓመት ስለሷ ሲያወሩ ኖሩ። አራት ሰው በአንድ ስክሪን የሚጫወትበት ክፍል ራሱ የገባው ሥራው ሊያልቅ ሲል ነው። ከ8 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ተሸጠ።

ከፊልሙ ጋር አብሮ የሚወጣ ጌም ሁሉ ከንቱ ነው እያልኩ አይደለም። ሚድዌይ የተባለው ድርጅት እ.ኤ.አ. በ1991 ከተርሚኔተር 2 ፊልም ሠርቶ ያወጣውን፣ ቆመህ የምትጫወትበትን ትልቅ የጌም ማሽን በጣም እወደዋለሁ። ጠመንጃዎቹ ማሽኑ ላይ የተተከሉ ናቸው፣ ስትተኩስ እጅህ ላይ ይንቀጠቀጣሉ። አንድ ወዳጄ ተራው ሲደርስ ሁልጊዜ የግራውን ነበር የሚይዘው፣ የቀኙ ያዘነብላል ብሎ ምሎ። ወደ ጉዳዬ ልመለስ። ያ ጌም የሚጀምረው ፊልሙ መግቢያው ላይ ለአጭር ጊዜ ብቻ ባሳየው የወደፊቱ ጦርነት ነው፣ እዚያም ብዙ ያቆይሃል። ፊልሙ ነክቶት ያለፈውን ቦታ አገኙትና አሰፉት።

አሁን ስለ እናንተ። አንዳንዶቻችሁ ዘመናዊ ጌም ላይ ምስሉን እንደ ድሮው ባለ ነጠብጣብ የሚያስመስል የፒክስል ፊልተር ታለብሱና ሬትሮ፣ የድሮ ስታይል፣ ነው ትላላችሁ። አይደለም። የድሮ የተኩስ ጌም ጉልበቱ ጠላቱን ከሩቅ በቅርጹ ብቻ መለየትህ፣ እንቅስቃሴው ፈጣን መሆኑ፣ ስትሞት ወዲያው መመለስህ ነው። ሌላው ትዕግሥት ነው። አንድ ሌቭል ሳያልቅ ማስተዋወቂያ ቪዲዮ ትለቃላችሁ፣ ከዚያ ሰው አላየኝም ብላችሁ ትተዉታላችሁ። ይሄ ያናድደኛል። ግን ደግሞ እኛ ወራት የፈጀብንን ነገር በሳምንት ስትማሩት አያለሁና ደስ ይለኛል።

ከፊልም ጌም ለመሥራት ከፊልሙ ባለቤቶች የሚወሰደው የፈቃድ ነገርም ተነስቷል። ጌም ሠሪው አይዲ ሶፍትዌር ዱም የተባለውን የተኩስ ጌም ሲያስብ ኤሊየንስ የተባለውን የጭራቅ ፊልም ፈቃድ ለመውሰድ ተነጋግሮ ነበር። በራሴ መንገድ ልሂድ ብሎ ተወው፣ እ.ኤ.አ. በ1993 ዱም ወጣ። በዓመቱ አንድ ተጫዋች ዱምን ወደ ኤሊየንስ የሚቀይር ሞድ፣ ማለትም ባለው ጌም ላይ የሚጨመር ለውጥ፣ ሠርቶ በነጻ ለቀቀ። የመጀመሪያው ሌቭል ላይ አንድም ጭራቅ የለም። ባዶ ኮሪደር ነው። ትሄዳለህ፣ ትጠብቃለህ፣ ምንም አይመጣም፣ ላብ ያጠምቅሃል። የዚያን ያህል ፊልሙን የተረዳ ጌም ጥቂት ነው ያየሁት።

እና ልጄ፣ ለጥያቄህ፤ ፊልሙን አትከተል። አሁን ይሄን ስል ደግሞ ፊልሙን በደንብ ሳታውቅ እንዳትነካው። የግድግዳው ቀለም፣ የበሩ ድምፅ፣ የጀግናው አረማመድ በቃልህ እስኪገባ እየው። አዎ፣ ሁለቱ ይጋጫሉ። ሁለቱንም ነው የምልህ። የጀግናውን ስምና ፊት ያለ ፈቃድ አትጠቀም፣ ለመጀመሪያ ሥራህም አያስፈልጉህም። ፊልሙ ላይ ካሜራው ያለፈውን አንድ በር ምረጥና ከኋላው ያለውን ክፍል ሥራ። ጠላት ገና አታስገባበት። እዚያ ውስጥ መዞር ብቻውን ደስ ካለህ ቀጥል፣ ካልሆነ ሌላ በር ፈልግ። ስትጨርስ ላክልኝ፣ እጫወተዋለሁ።